ወንዳወንድ

«ወንዳወንድ» እና «ሴታሴት» እንደ «ብረታብረት» እና «ቅጠላቅጠል» ቃሉን በመድገም የተሠሩ ናቸው፤ ግን ብዛትን ሳይሆን መምሰልን ይናገራሉ። ክብደታቸውም አንድ አይደለም። አዲስ አበባ፣ አትላስ አካባቢ ካፌ ተቀምጣ ኳስ የምትተነትን ልጅ «ወንዳወንድ እኮ ናት» ስትባል ትንሽ አድናቆት አለበት። ወንዱ «ሴታሴት» ሲባል ግን ስድብ ነው፣ አለቀ።

የቴሌቪዥን ኮሜዲም እንጀራው ከዚህ ነው። ሻሽ ያሰረና ድምፁን ያቀጠነ ወንድ ገና ብቅ ሲል ያስቃል፤ ሱሪ የለበሰች ሴት ማንንም አታስቅም። እነ ተዋናይት አስናቀች ወርቁ የቲያትር መድረክ እስኪወጡ ድረስ ግን የሴት ገጸ ባሕርይ የሚጫወቱት ወንዶች ነበሩ፤ በቁም ነገሩ ተውኔት ጭምር።

ሁለቱም ቃላት ጠባይን እንጂ ማንነትን አይገልጹም። በ1977 እ.ኤ.አ. በታየው የአሜሪካው ኮሜዲ «ዘ ጄፈርሰንስ» አንድ ክፍል፣ ዋናው ገጸ ባሕርይ ጆርጅ የድሮ የባሕር ኃይል ጓደኛውን ኤዲን ሴት ሆና ያገኛታል። ሳቁ በአብዛኛው የእሱ ድንጋጤ ነው። እሷን «ሴታሴት» ብሎ የሚተረጉም ሰው ስቷል፤ ኤዲ ሴት ነኝ እንጂ ሴት የሚመስል ወንድ ነኝ አላለችም። የተለመደው «ጾታ የቀየረች» ይሻላል፣ ምንም እንኳ የቀዶ ጥገና ክፍል ቢሸትም።