ተረት በሳጥን ውስጥ፦ አባባ ተስፋዬና የቴሌቪዥን መባቻ

የኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ጥቅምት 23 ቀን 1957 ዓ.ም.፣ በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ የዘውድ በዓል ዕለት፣ በአዲስ አበባ ማዘጋጃ ቤት ሕንጻ ውስጥ በጥቁርና ነጭ ሥርጭት ጀመረ። የቴሌቪዥን ሞገድ እንደ ዓይን እይታ ቀጥ ብሎ የሚጓዝ በመሆኑ ምስሉ የሚደርስበትን የሚወስነው ርቀት ብቻ ሳይሆን የመሬቱ አቀማመጥም ነው። በደብረ ብርሃን መንገድ ላይ ያለችው ለገጣፎ በገላጣ ሜዳ የተዘረጋች ስትሆን፣ ሱሉልታ ግን ከእንጦጦ ጀርባ በመሆኗ ከማዘጋጃ ቤቱ ይነሣ የነበረው ሞገድ በተራራው ይጋረድባት ነበር። ይሁን እንጂ በዚያን ጊዜ ከመልክዐ ምድሩ ይልቅ የሚበረታው እንቅፋት የመቀበያው ሳጥን ዋጋ ነበር።

በዚያው ዓመት ተስፋዬ ሳህሉ የልጆችን ዝግጅት ያዙ። በ1915 ዓ.ም. በባሌ የተወለዱት እኚህ ሰው በጊዜው ተዋናይ ሆነው የከረሙ፣ ሴቶች መድረክ ላይ በማይታዩበት ዘመን የሴት ገጸ ባሕርይ የተጫወቱ፣ ኮሪያ ዘልቀው በጦርነቱ የተሰለፈውን የኢትዮጵያ ቃኘው ሻለቃ ወታደሮች ያዝናኑና የምትሃት ትርኢትም የሚያሳዩ ነበሩ። በቴሌቪዥን ቤት አዘጋጅ የሚባለው የዝግጅቱን ሐሳብ የሚያፈልቅና እስከ አየር ላይ የሚከታተል ባለሙያ ሲሆን፣ በእርሳቸው ዘንድ ግን አዘጋጁም ጸሐፊውም ተራኪውም አንድ ሰው ነበር፤ ይህም ከእጥረት የመጣ ብቻ ሳይሆን የመድረክ ልምዳቸው የፈቀደው ነገር ይመስላል።

ችግሩ ሌላ ነበር። ተረት፣ ማለትም በአፍ የሚተላለፍ ምናባዊ ትረካ፣ በአማርኛ ባህል ብቻውን አይነገርም፤ ተራኪው «ተረት ተረት» ሲል አድማጩ «የላም በረት» ብሎ ካልመለሰለት ነገሩ አይነሣም። ካሜራ ግን መልስ አይሰጥም። ተስፋዬ ልጆችን ወደ ስቱዲዮ በማስገባትና ሰላምታቸውን መልስ እንደሚጠብቅ ሰው በማቅረብ ይህን ክፍተት ሞሉት፤ ልጆችን «የዛሬ አበባዎች የነገ ፍሬዎች» ብለው ሲጠሩ፣ በጎረቤት ቤት ምንጣፍ ላይ ተኮልኩሎ የሚያይ ሕፃን ሳጥኑ ይሰማው ይመስል ጮክ ብሎ ሰላምታውን ይመልስ ነበር። «አባባ ተስፋዬ» መባላቸውም ከዚሁ ቅርበት የመነጨ ነው፤ አባባ የአባት ወይም የአዛውንት መጠሪያ ነውና።

ዝግጅቱ ሥርዓተ መንግሥት ቢለዋወጥም፣ በ1977 ዓ.ም. መባቻ ገደማም የቀለም ሥርጭት ቢመጣም፣ ለ42 ዓመታት ያህል ቀጠለ። ተረቶቻቸው በመጽሐፍም ታትመዋል፤ በኅትመቱ ግን ቃሉ እንጂ ድምፁን የሚለዋውጠው፣ ትረካውን በእንቅስቃሴ የሚያጅበው ሽማግሌ ስለሌለ፣ መጽሐፉን የሚያነብ ወላጅ ያንን ድርሻ ራሱ መጫወት ይኖርበታል። አባባ ተስፋዬ ሐምሌ 24 ቀን 2009 ዓ.ም. በ94 ዓመታቸው አረፉ።