ኮምፒውተር

ኮምፒውተር የሚለው የእንግሊዝኛ ቃል ዛሬ መሣሪያን ቢያመለክትም፣ ከ17ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ጀምሮ ለረጅም ጊዜ ይጠራበት የነበረው ሰው ነው፤ ይኸውም ስሌት መሥራት መተዳደሪያው የሆነ ሠራተኛ። በአሜሪካ የሃርቫርድ የከዋክብት መመልከቻ ጣቢያ ዳይሬክተር የነበረው ኤድዋርድ ፒከሪንግ ለዚህ ሥራ በብዛት ሴቶችን የቀጠረ ሲሆን፣ ከምክንያቶቹ አንዱ ከወንዶች ባነሰ ደመወዝ መሥራታቸው ነበር። በቴሌስኮፕ ሰማዩን መመልከት በአመዛኙ የወንዶች ድርሻ ስለነበር፣ ሴቶቹ ኮከብ ሁሉ እንደ ጥቁር ነጥብ የሚታይበትን የመስታወት ፎቶግራፍ በማጉያ መነጽር እየመረመሩ የነጥቦቹን መጠን ይመዘግቡ ነበር።

ከእነርሱ አንዷ የሆነችው ሄንሪየታ ሌቪት በ1912 እ.ኤ.አ. ትንሹ የማጄላን ደመና በተባለው የከዋክብት ስብስብ ውስጥ ያሉ 25 ተለዋዋጭ ከዋክብትን፣ ማለትም ብርሃናቸው በየጊዜው የሚጨምርና የሚቀንስ ከዋክብትን አነጻጽራ፣ ኮከቡ ይበልጥ በደመቀ ቁጥር የለውጡ ዑደት እንደሚረዝም አሳየች። ግኝቱ የታተመበትን ጽሑፍ ያዘጋጀችው እርሷ መሆኗ በመግቢያው ቢገለጽም ከግርጌው የሰፈረው የፒከሪንግ ስም ነው፤ በጊዜው ልማድ ነውር አልነበረም፣ ፍትሐዊ ነበር ለማለት ግን ያዳግታል። የሥነ ፈለክ ተመራማሪው ኤድዊን ሀብል ከአሥር ዓመት በላይ ቆይቶ አንድሮሜዳ ከእኛ ጋላክሲ ከፍኖተ ሐሊብ ውጭ ያለ ራሱን የቻለ ጋላክሲ መሆኑን ያረጋገጠው ሌቪት ባገኘችው በዚህ የድምቀትና የዑደት ዝምድና ርቀቱን ለክቶ ነው።