ሮዝ ቦውል ወደ ደርሃም የተሻገረበት ዓመት ዜና

በ1934 ዓመተ ምሕረት፣ በዘመነ ማርቆስ፣ ፍራንክሊን ሩዝቬልት በአሜሪካ ፕሬዚዳንት ሳለ፣ ኅዳር 28 ቀን እሑድ የጃፓን አውሮፕላኖች ፐርል ሃርበርን በድንገት ደበደቡ። በምዕራቡ የባሕር ዳርቻ የሚኖረው ሕዝብ ጠላት በካሊፎርኒያ ይወርድብናል ብሎ ታወከ።

በዚያ አገር በፓሳዴና ከተማ፣ በአውሮፓውያን አዲስ ዓመት፣ ሮዝ ቦውል የሚባል የዩኒቨርሲቲዎች የአሜሪካ እግር ኳስ ግጥሚያ ይደረግ ነበር። የምዕራቡ ጦር አዛዥ ጄኔራል ጆን ዴዊት ግን ይህን ያህል ሕዝብ በአንድ ስፍራ መሰብሰቡ አስፈራውና ጨዋታው እንዲቀር አሳሰበ። ያን ጊዜ ተጋባዡ የዱክ ዩኒቨርሲቲ፣ በሰሜን ካሮላይና ደርሃም ባለው በራሱ ሜዳ እንዲሆን ጠየቀ፤ ተፈቀደለትም። ከጎረቤት ዩኒቨርሲቲዎች መቀመጫ ተውሰው ስታዲየሙን አሰፉት።

የዱክ አሠልጣኝ ዋላስ ዌድ በዚያ ዓመት ዘጠኝ ጊዜ ተጋጥሞ ዘጠኙንም ድል አድርጎ ነበር። ተጋጣሚው፣ ሎን ስታይነር የሚያሠለጥነው ኦሪገን ስቴት ዩኒቨርሲቲ ግን ሁለት ጊዜ ተሸንፎ ነበርና አሸናፊው ዱክ ነው ተብሎ ተወራ።

የኦሪገን ልጆችም ከኮርቫሊስ ተነሥተው አገሪቱን ከዳር እስከ ዳር በባቡር አቋረጡ። አንዱ ግን ቀረ። ጃክ ዮሺሃራ ይባላል፤ በጃፓን ተወልዶ በሕፃንነቱ ወደ አሜሪካ የመጣ፣ በፖርትላንድ ያደገ ልጅ ነው። የመንግሥት ሰዎች ከጓደኞቹ ጋር እንዳይጓዝ ከለከሉት። ይህ ግፍ ነበር፤ ከትውልዱ በቀር የተገኘበት በደል የለምና።

ታኅሣሥ 23 ቀን ሐሙስ፣ በዝናብና በብርድ፣ 56,000 ሰው በተሰበሰበበት ጨዋታው ተጀመረ። ዶን ደርደን ኳሷን ይዞ ሮጦ ቀድሞ ለኦሪገን አገባ፤ ዱክም መልሶ አስተካከለ፤ 7 ለ 7 ሆነው ዕረፍት ወጡ። ከዕረፍት መልስ ኦሪገን መራ፣ ዱክ ደረሰበት፣ 14 ለ 14 ሆኑ። ከዚያም ቦብ ዴዝማን የወረወረውን ኳስ ጂን ግሬይ ተቀበለና እስከ መጨረሻው መስመር ገሰገሰ፤ ከወረወረበት ስፍራ እስከ መስመሩ 68 ያርድ ነበር። በመጨረሻው ሩብ የዱክ ተከላካዮች ደርደንን በራሱ ክልል ውስጥ ጥለው ሁለት ነጥብ አገኙ፤ ከዚህ የሚበልጥ ግን አልሆነላቸውም። ኦሪገን ስቴት 20 ለ 16 ድል አደረገ።

ከዚህም በኋላ የሁለቱ ወገን ልጆች ወደ ጦርነቱ ሄዱ፤ አሠልጣኙ ዌድም ዘመተ። ከተጫዋቾቹ ያልተመለሱ አሉ። በኢጣልያ ግንባር የዱኩ ቻርልስ ሄይንስ ክፉኛ ቆስሎ ሳለ፣ ተሸክመው ካወረዱት አንዱ በዚያ ሐሙስ የተጋጠመው የኦሪገኑ ፍራንክ ፓርከር ነበር። በዝናቡ ቀን ስለ አንዲት ኳስ ሲተጋገሉ ለነበሩ ልጆች ከዚህ የሚበልጥ ምስክርነት ከየት ይመጣል?

ጨዋታው በተደረገበት በዚያው በ1934 ዓመት፣ የካቲት 12 ቀን፣ ሩዝቬልት የጃፓን ተወላጆችን ከምዕራቡ ዳርቻ ለማስወጣት የዋለውን ትእዛዝ ፈረመ። ይህች ዕለት ለእኛ ለኢትዮጵያውያንም የሰማዕታት መታሰቢያ፣ የኀዘን ዕለት ናት። ዮሺሃራም ትምህርቱን አቋርጦ በአይዳሆ ሚኒዶካ ወደሚባለው የእሥር ሰፈር ተወሰደ። በሰኔ 2000 ዓ.ም. ኦሪገን ስቴት፣ እንደ እርሱ ከትምህርታቸው ለተነቀሉ ተማሪዎች የክብር ዲግሪ ሲሰጥ፣ ከተቀባዮቹ አንዱ ዮሺሃራ ሆነ።