የኤሌክትሪክ ኃይል ሥርዓት ሲሙሌሽን ሶፍትዌር፦ ምንነቱ፣ ዕድገቱና ለተገልጋዮች ያለው ፋይዳ

አዲስ ፋብሪካ፣ ሕንፃ ወይም የመስኖ ፓምፕ ከኤሌክትሪክ መረብ ጋር ከመገናኘቱ በፊት መረቡ ተጨማሪውን ጭነት መሸከም መቻሉ መረጋገጥ ይኖርበታል። ይህን በቀጥታ በመስመሩ ላይ መሞከር የአካባቢውን ደንበኞች ለኃይል መቆራረጥና ለንብረት ጉዳት ስለሚያጋልጥ፣ ሙከራው በኮምፒውተር በተዘጋጀ የመረቡ ሞዴል ላይ ይከናወናል።

ዋና ዋና የትንተና ዓይነቶች

• የጭነት ፍሰት ትንተና፦ በየመስመሩና በየትራንስፎርመሩ የሚያልፈውን ኃይል እንዲሁም በየቦታው የሚኖረውን ቮልቴጅ ያሰላል።
• የሾርት ሰርኪዩት ትንተና፦ ሽቦዎች ሲነካኩ ወይም መሬት ላይ ሲወድቁ የሚፈጠረውን ከፍተኛ ከረንት በማስላት ለመከላከያ መሣሪያዎች መረጣ ያገለግላል።
• የመረጋጋት ትንተና፦ ትልቅ ጄኔሬተር ወይም መስመር በድንገት ከአገልግሎት ሲወጣ ቀሪው ሥርዓት ፍሪኩዌንሲውን በ50 ኸርዝ አካባቢ ጠብቆ መቀጠል መቻሉን ይመረምራል።

የቴክኖሎጂው ዕድገት

ኮምፒውተር ከመስፋፋቱ በፊት መሐንዲሶች ትልቁን መረብ በትንሹ የሚወክሉ የኤሌክትሪክ ሰሌዳዎችን ይጠቀሙ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1956 በዲጂታል ኮምፒውተር የጭነት ፍሰትን ማስላት የሚያስችል ዘዴ ታተመ፤ በ1967 ደግሞ በኒውተን ስሌት ላይ የተመሠረተው ዘዴ ትላልቅ መረቦችን በጥቂት ድግግሞሽ ለማስላት አስቻለ። ይህ ዘዴ ዛሬም በሰፊው ይሠራበታል።

የፀሐይና የነፋስ ኃይል ማመንጫዎች እንዲሁም የዳይሬክት ከረንት መስመሮች መስፋፋት አዲስ ፍላጎት ፈጥሯል። ለምሳሌ ከወላይታ ሶዶ ወደ ኬንያ የተዘረጋው የ500 ኪሎ ቮልት መስመር ከ1,000 ኪሎ ሜትር በላይ ርዝመት ሲኖረው እስከ 2,000 ሜጋ ዋት የማስተላለፍ አቅም አለው። የዚህ ዓይነት መስመሮች የኃይል መለወጫዎች እጅግ ፈጣን ለውጥ ስለሚያሳዩ፣ ክስተቶችን በማይክሮ ሰከንድ ደረጃ የሚከታተል ሲሙሌሽን ይጠይቃሉ። ዛሬ የመከላከያ መሣሪያዎችን ከሲሙሌተር ጋር አገናኝቶ መፈተሽ የሚቻል ሲሆን፣ ያለ ክፍያ የሚገኙ ክፍት ሶፍትዌሮችም አሉ።

ተገልጋዮች ሊያውቁት የሚገባ

ሶፍትዌሩ የቱንም ያህል ቢራቀቅ ውጤቱ ከሚሰጠው መረጃ የተሻለ አይሆንም። ባለ 315 ኪሎ ቮልት አምፒር ትራንስፎርመር ፓወር ፋክተሩ 0.8 ሲሆን ሊሰጥ የሚችለው 252 ኪሎ ዋት ነው፤ ወደ 0.95 ሲሻሻል ግን 299 ኪሎ ዋት ይደርሳል። በቀጥታ የሚነሣ ሞተርም ሲነሣ ከመደበኛው ከ5 እስከ 7 እጥፍ ከረንት ሊስብ ይችላል። ስለዚህ ከፍተኛ ጭነት ያላቸው ተገልጋዮች የሚከተሉትን መረጃዎች በባለሙያ አስጠንተው በትክክል ቢያቀርቡ ይጠቀማሉ፦

1. የመሣሪያዎች ዝርዝርና የእያንዳንዳቸው አቅም፤
2. የትልልቅ ሞተሮች ብዛትና የአነሣስ ዘዴ፤
3. በአንድ ጊዜ የሚሠራው ከፍተኛ ጭነትና የሥራ ሰዓት፤
4. ወደፊት የታሰበ የማስፋፊያ ዕቅድ፤
5. የራስ ጄኔሬተር ወይም የፀሐይ ኃይል ካለ አቅሙ።

ጭነትን አሳንሶ ማቅረብ ለጊዜው ወጪ የሚቀንስ ቢመስልም ትራንስፎርመር ሊያቃጥልና የጎረቤት ደንበኞችን ቮልቴጅ ሊያወርድ ይችላል። አጋንኖ ማቅረብም ላልተፈለገ መሠረተ ልማት ወጪ ይዳርጋል። ትክክለኛ መረጃ የተገልጋዩንም የማኅበረሰቡንም ጥቅም ያስጠብቃል።