የማስታመም ሒሳብ በሐረር

በሐረር አንድ ሰው ሕመሙ ጸንቶበት ሐኪሞቹ «ከእንግዲህ ወደ ቤቱ ውሰዱት» ባሉ ጊዜ የሕክምናው ሒሳብ ይዘጋል፤ ወጪው ግን አይዘጋም። ከዚያ ቀን አንሥቶ እስከ ዕለተ ሞቱ ድረስ የሚያነሣው፣ የሚያጥበው፣ ሌሊት አብሮት የሚነቃ፣ ሥቃዩን የሚያስታግሥ መድኃኒት የሚፈልግለት ሰው ያስፈልገዋል። ቋንቋችን ይህን ሥራ ከማከም ለይቶ ማስታመም ይለዋል፤ የሚሠራውንም ከሐኪሙ ለይቶ አስታማሚ ብሎ ይጠራዋል። በዚህች አጭር ጥናት የምንመረምረው ይህ የማስታመም ድካም በሐረር በማን መዝገብ፣ በምን ስምና በምን ዋጋ እንደ ተጻፈ ነው። የምንጠቅሳቸው ዘመናት ሁሉ በአውሮፓ አቈጣጠር መሆናቸውን አንባቢ ያስተውልልን።

ሐረር የመዝገብ ከተማ መሆኗ የታወቀ ነው። ዩሱፍ አሕመድ የሐረር አሚሮች ከ1825 እስከ 1875 ድረስ የነበረውን የቤታቸውን ገቢና ወጪ ያስያዙባቸውን መዝገቦች መርምረው በ1960 በአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ኮሌጅ የኢትኖሎጂ ማኅበር መጽሔት ቍጥር 10 ላይ አውጥተዋል። ግመል ጭኖ ወደ ዘይላ የሚወርድ ነጋዴም ያለ ሒሳብ መዝገብ አይኖርም ነበር። ስለዚህ በሐረር ታሪክ ለሞት ስለ ታመመ ሰው ከተጻፉት ሒሳቦች በዝርዝር የምናውቀው ከአንድ ነጋዴ እጅ መገኘቱ አያስደንቅም።

ይህ ነጋዴ ፈረንሳዊው ባለቅኔ አርተር ራምቦ ነው። ከ1880 ጀምሮ እየተመላለሰ በሐረር ሲነግድ ቈይቶ በ1891 መጀመሪያ ቀኝ ጕልበቱ አብጦ መራመድ ተሳነው። በከተማዪቱ እንዲህ ያለውን በሽታ የሚያክም ስላልነበረ ቃሬዛ አሠርቶ፣ በሸራ አስከድኖ፣ 16 ተሸካሚዎች ቀጠረ፤ አፕሪል 7 ቀን ከንጋቱ በ12 ሰዓትም ከሐረር ተነሥቶ ወደ ዘይላ ጕዞ ጀመረ። መንገዱ 300 ኪሎ ሜትር ያህል ነው። በመንገድ ላይ የያዘው ማስታወሻ ስለ ሥቃዩ እምብዛም አይናገርም፤ የሚጽፈው የተነሣበትንና የሰፈረበትን ሰዓት፣ የቦታውን ስም፣ የዝናቡን ነገር ነው። ተሸካሚዎቹ ሲያወርዱት መሬት ላይ በጣሉት ዕለትም የጻፈው ቅጣታቸውን ነው፤ ለአራት ሰዎች አንድ አንድ ጠገራ ብር፣ ጠቅላላ 4 ብር።

ማርሴይ ደርሶ ኮንሴፕሲዮን ከሚባለው ሆስፒታል ሲገባም ለቤተ ሰቡ በላከው ደብዳቤ ዋጋውን አልረሳም፤ የሐኪሙ ጭምር በቀን 10 ፍራንክ እንደሚከፍል ነገራቸው። በሜይ ወር መጨረሻ እግሩ ተቈረጠ፤ በሽታው ግን ከአጥንቱ አልፎ ነበርና ኖቬምበር 10 ቀን 1891 በ37 ዓመቱ ሞተ። በዋዜማው ለእኅቱ ለኢዛቤል ያስጻፋት የመጨረሻ ደብዳቤ ለአንድ የመርከብ ማኅበር ሹም የተላከ ሆኖ፣ የሚጀምረው የዝሆን ጥርስ ጭነት በመቍጠር ነው፤ የሚጨርሰውም በስንት ሰዓት ወደ መርከብ እንደሚወስዱት በመጠየቅ ነው።

እንግዲህ በዚህ ሰው ሕመም ላይ ሁለት ዐይነት ክፍያ እናያለን። አንደኛው የሥራ ክፍያ ነው፤ ለተሸከመ ይከፈላል፣ የጣለ ይቀጣል። ሁለተኛው የቀን ክፍያ ነው፤ በሽተኛው ላደረበት ቀን ሁሉ አንድ ዋጋ ተቈርጦ ይከፈላል። በሐረር ላገለገለው ለጃሚ እንኳ ሲሞት 3,000 ፍራንክ ተናዞለታል፤ ጃሚ ግን ቀድሞ ሞቶ ስለ ተገኘ ገንዘቡ በ1893 ለወራሾቹ ተሰጥቷል። በየትኛውም ሒሳብ ውስጥ የማናገኘው የኢዛቤልን ድካም ነው። በአልጋው አጠገብ ተቀምጣ ያደረችው፣ የሚለውንም የጻፈችው እርሷ ናት፤ ለእርሷ ሥራ የተከፈተ መስመር ግን አልነበረም።

ራምቦ ከሞተ ከዐሥር ዓመት በኋላ፣ በ1901፣ የካፑሲን ሚሲዮን መነኮሳት በሐረር የቅዱስ አንጦንዮስ የሥጋ ደዌ በሽተኞች መጠለያን አቋቋሙ። በዚያ ዘመን ለሥጋ ደዌ ፈዋሽ መድኃኒት አልነበረም፤ ዳፕሶን የተባለው መድኃኒት የመጣው በ1940ዎቹ ነው። ስለዚህ መጠለያው በመጀመሪያዎቹ አርባ ዓመታት ሥራው ከማከም ይልቅ ማስታመም ነበር፤ ቍስል ማጠብ፣ ማብላት፣ ማልበስ፣ የሞተውን መቅበር። የሚተዳደረውም በሽተኛውን በማስከፈል አልነበረም፤ በምጽዋት ነበር። ምጽዋት ደግሞ የሰጪውን ስም ይጽፋል እንጂ የአስታማሚውን ሌሊት አይቈጥርም።

ከሚሲዮኑ ወጥተን ወደ ሕዝቡ ማኅበራት ስንመለስ፣ ከግንቡ ውስጥ የሐረሪዎች አፎቻ፣ ከግንቡ ውጭ ደግሞ እድር እናገኛለን። አፎቻ የወንዶችና የሴቶች ተብሎ ለየብቻው የተቋቋመ የሰርግና የሐዘን ማኅበር ነው፤ ሲድኒ ዋልድሮንና ፒተር ኮን በ1978 ባሳተሙት ጥናት ሕዝቡን ከአስተዳደሩ ጋር የሚያገናኝ ድልድይ መሆኑን ጭምር አሳይተዋል። የእድርም ሥራ ለአንባቢ እንግዳ አይደለም። የአንድ እድር ገንዘብ ያዥ መዝገባቸውን ባሳዩን ጊዜ የአባሉ ስም፣ የወር መዋጮ፣ ለቀብር የተከፈለ፣ ከቀብር የቀረ አባል ቅጣት የሚሉ ዐምዶች አየን። «ለታመመስ የት ይጻፋል?» ብለን ጠየቅናቸው። «የታመመ ይጠየቃል እንጂ አይጻፍም፤ የእኛ መዝገብ የሚከፈተው ሰውዬው ሲሞት ነው» አሉን።

ይህ መልስ ብዙ ያስተምራል። የታመመን መጠየቅ በእስልምናም በክርስትናም ታላቅ ግዴታ መሆኑን ማንም ያውቃል። ግዴታው ያልተጻፈው ተንቆ አይደለም፤ ጐረቤት ሁሉ በልቡ ስለ ያዘው ነው። ዛሬ እኔ ለአባትህ ያደርሁት ነገ አንተ ለእናቴ ታድራለህ። ይህም ሒሳብ ነው፤ ብራና ግን አላስፈለገውም።

ነገር ግን የልብ መዝገብ የሚሠራው ጐረቤቱ ቤቱ ሲውል ነው። በጁገል ውስጥ ባለቤታቸውን በካንሰር ምክንያት የሚያስታምሙ አንዲት እናት ጠይቀን ነበር። በሽተኛው በነደባው ላይ ተኝተዋል። ወጪያቸውን በጣታቸው ቈጠሩልን፤ የመድኃኒቱን፣ የአንሶላና የሳሙናውን፣ የባጃጁን። መንገዱ ጠባብ ሆኖ ባጃጅ ከደጃቸው ስለማይደርስ የሰፈር ልጆች በሽተኛውን በቃሬዛ ተሸክመው እስከ ሰፊው መንገድ ያወጡላቸዋል፤ እነርሱስ ገንዘብ አይቀበሉም። በገበያ የነበራቸውን ንግድ ከዘጉ ስምንት ወር ሆኗቸዋል። የዚህንና የሌሊቱን ድካም ዋጋ ብንጠይቃቸው ፈገግ ብለው፣ «እሱን ደግሞ ማን ይጽፈዋል፣ ልጆቼ?» አሉን።

ጥያቄያቸውን ቀልድ ነው ብለን አላለፍነውም፤ ዛሬ የሕክምና ገንዘብ የሚከፈለው በተጻፈው ላይ ነውና። የበሽታ መለያ ቍጥር የሚባለው ነገር መነሻው የሞት መዝገብ ነው። ፈረንሳዊው ዣክ ቤርቲዮን ራምቦ በሞተ በሁለት ዓመቱ፣ በ1893፣ በቺካጎ ለተሰበሰበው የስታቲስቲክስ ጉባኤ የሞት ምክንያቶችን ዝርዝር አቀረበ። ይህ ዝርዝር እየታረመ ቈይቶ በ1948 የዓለም ጤና ድርጅት ስድስተኛውን እትም ሲያወጣ በሕይወት ያለውን ሰው በሽታ ጨመረ። እንደ እድሩ መዝገብ ሁሉ የዓለሙም መዝገብ የተከፈተው በሞት ነበር ማለት ነው።

በዐሥረኛው እትም መሠረት የራምቦን በሽታ ዛሬ የሚመዘግብ ጸሓፊ የእግር ረጅም አጥንት ካንሰር ለማለት «ሲ 40.2» ብሎ ይጽፋል። መዳኑ ተስፋ ያጣለትን ሰው ሥቃይ ለማስታገሥ ለሚደረገው እንክብካቤ ደግሞ «ዜድ 51.5» የሚባል ራሱን የቻለ ቍጥር አለ። በዐሥራ አንደኛው እትም ሥር የሰደደ ሕመም እንኳ የራሱን መለያ አግኝቷል። እንግዲህ ማስታመም በዓለም መዝገብ ስም አጥቷል ማለት አይቻልም።

ስም ማግኘትና ዋጋ ማግኘት ግን ይለያያሉ። ሲስሊ ሳንደርስ በ1967 በለንደን የቅዱስ ክሪስቶፈር ሆስፒስን ከከፈቱ በኋላ፣ አሜሪካ በ1982 ባወጣችው ሕግ ለአረጋውያን የሆስፒስ እንክብካቤን በመንግሥት መድን እንዲከፈል ስታደርግ የመረጠችው የቀን ክፍያን ነው። በቤቱ ተኝቶ ለሚታመም በዕለት አንድ ዋጋ ይከፈላል፤ አስታማሚ ቤተ ሰቡ እንዲያርፍ በሽተኛው ለጥቂት ቀን ተቋም ሲገባም ለዚያ የተለየ ዋጋ አለ። በአገራችን ማኅበረሰብ አቀፍ የጤና መድን በ2011 በ13 ወረዳዎች ተሞክሮ ተስፋፍቷል፤ የጤና ተቋሙ የሚከፈለው ግን በአመዛኙ የሰጠውን አገልግሎት አንድ በአንድ ዘርዝሮ ነው፤ ካርድ፣ ምርመራ፣ መድኃኒት፣ አልጋ። በ2003 በአዲስ አበባ የተቋቋመው ሆስፒስ ኢትዮጵያ ነርሶችን ወደ በሽተኛው ቤት መላክ ጠቃሚ መሆኑን በሥራ አሳይቷል፤ በ2016ም ጤና ጥበቃ ሚኒስቴር ስለዚሁ እንክብካቤ ብሔራዊ መመሪያ አውጥቷል። ሆኖም በሽተኛው ወደ ቤቱ በተመለሰ ጊዜ የሚከፈልበት ሥራ ሁሉ ያቆማል፤ የተዘረዘረ ነገር የለምና። የጁገሏ እናት ሒሳብ የሚጀምረው ከዚያ ነው።

«የማስታመም ሥራ በገንዘብ ከተተመነ ጐረቤትነት ይጠፋል» የሚል ተቃውሞ ሊነሣ ይችላል። ተቃውሞው ክብደት አለው። ተሸካሚዎቹን በብር የቀጠረው ራምቦ ሲጥሉት ከቅጣት በቀር ሌላ የሚላቸው አልነበረውም፤ ያለ ዋጋ የሚሸከሙት የጁገል ልጆች ግን በሽተኛውን እንደ አባታቸው ይይዙታል። ይህን ቃሬዛ ማንም በብር እንዲለውጠው አንመክርም። እኛ እንዲጻፍ የምንፈልገው ሌላ ነው፤ በሳምንት አንድ ጊዜ ከቤት የሚመጣ ነርስ፣ የማይቋረጥ የሞርፊን ሽሮፕ፣ አስታማሚዪቱ አንድ ሌሊት እንድትተኛ የሚያደርግ ምትክ ሰው። እነዚህ ከጐረቤት አቅም በላይ ናቸው። ሁሉን አንድ በአንድ ከመዘርዘር ይልቅ በቀን አንድ ዋጋ ቢቈረጥላቸው፣ ማርሴይ በ1891 እንዳደረገው፣ ሒሳቡም ይቀላል፤ መርፌ መቍጠርም ይቀራል።

በመቶ ሠላሳ ዓመት ውስጥ የሐረር በሽተኛ በነጋዴ ማስታወሻ፣ በሚሲዮን ምጽዋት፣ በአፎቻና በእድር መዝገብ ተጽፏል። በአንዳቸውም ውስጥ አስታማሚው አልተጻፈም። ቍጥሩ ዛሬ በመጽሐፍ ውስጥ ተዘጋጅቶ ሳለ መስመሩን ሳንከፍት ብንቀር፣ ያለፉት አላወቁም ነበር የሚል ምክንያት ለእኛ አይሆነንም። መምህሮቻችንና ጓደኞቻችን በየሰፈራቸው ያለውን የእድርና የአፎቻ መዝገብ ቢመረምሩና ስሕተታችንን ቢያርሙልን በደስታ እንቀበላለን።