«ክስ ይፍረስልኝ»፤ በእንጥልጥል ያለ የወንጀል ክስን ስለሚያስቀር ቃል

የሕግ ቃላትን ወደ አማርኛ ስንመልስ የምንቸገረው ቃል ሲታጣ ብቻ አይደለም፤ ሲበዛም ነው። በእንግሊዝኛ «ኳሽ» የሚባለው ግሥ ለዚህ ጥሩ ምሳሌ ይሆናል። አንድ ተከሳሽ ጉዳዩ ገና በሥር ፍርድ ቤት ሳለ፣ የበላይ ፍርድ ቤት ክሱን ከነአካቴው እንዲያስቀርለት የሚያመለክትበት ቃል ነው። ለዚሁ ሻረ፣ ሰረዘ፣ ዘጋ፣ አነሣ፣ ሰበረ የሚሉት ሁሉ በአቻነት ሊቀርቡ ይችላሉ። ምርጫው ግን የአነጋገር ለዛ ጉዳይ አይደለም። ክሱን ያስቀረው ማን እንደ ሆነና በምን ምክንያት እንደ ቀረ አንባቢው የሚረዳው ከዚሁ ግሥ ነውና፣ ስሕተቱ የሰውን መብት ይነካል።

ሥርዓቱ በሰፊው ከሚሠራባቸው አገሮች አንዷ ሕንድ ናት። እ.ኤ.አ. በ1898 የወጣው የሕንድ የወንጀል ሥነ ሥርዓት ሕግ በ1923 ሲሻሻል ቁጥር 561-ሀ ተጨመረበት። ይህ ቁጥር አዲስ ሥልጣን የፈጠረ አልነበረም፤ ከፍተኛው ፍርድ ቤት ፍርድ ቤት በመሆኑ ብቻ ያለው ሥልጣን የተጠበቀ መሆኑን ገለጸ እንጂ። ይኸውም በሕጉ መሠረት የተሰጡ ትእዛዞችን ለማስፈጸም፣ የፍርድ ቤትን ሥርዓት ያላግባብ መጠቀምን ለመከላከልና ፍትሕን ለማስገኘት ነው። ድንጋጌው እ.ኤ.አ. በ1973 ሕግ ወደ አንቀጽ 482፣ ከጁላይ 1 ቀን 2024 ጀምሮ በሥራ ላይ በዋለው ሕግ ደግሞ ወደ አንቀጽ 528 ተዛወረ።

የሥልጣኑን ወሰን ያበጁት ዳኞች ናቸው። እ.ኤ.አ. በ1960 የሕንድ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በካፑር ጉዳይ ሦስት ምክንያቶችን ለየ፤ ክሱን የሚከለክል ሕግ ሲኖር፣ የተባለው ሁሉ እውነት ነው ቢባል እንኳ ወንጀል የማይሆን ሲሆን፣ ወይም የሚደግፈው ማስረጃ ጨርሶ ሲታጣ። በ1990 በተወሰነው የሃርያና ጉዳይ ምክንያቶቹን ወደ ሰባት አሰፋቸው፤ ለግል ቂም መወጫ በክፋት የተጀመረ ክስም ከእነዚሁ ተቆጠረ። ይሁን እንጂ ሥልጣኑ እጅግ አልፎ አልፎ ብቻ እንዲሠራበት አስጠንቅቋል። እንግዲህ ፍርድ ቤቱ የሚመረምረው ክሱ መሠረት ያለው መሆኑን እንጂ ማስረጃው የቱ እንደሚበልጥ አይደለም።

አሁን ወደ ቃላቱ እንመለስ። «አነሣ» የከሳሹን ሥራ ያመለክታል፤ ዐቃቤ ሕግ የራሱን ክስ ያነሣል። «ዘጋ» የሚነገረው ስለ መዝገብ ነው፤ የተዘጋ መዝገብም ተመልሶ ይከፈታል። «ሰረዘ» ጽሕፈትን ማጥፋት ነው። «ሻረ» ደግሞ የጸና ነገርን፣ ማለት አዋጅን፣ ፍርድን፣ ሹመትን ይመለከታል፤ በእንጥልጥል ያለ ክስ ግን ገና አልጸናም።

«ሰበረ» ይበልጥ ያሳስታል። «ኳሽ» እና «ካሳሲዮን» በሥርወ ቃል ዘመዳሞች ናቸው። ማናወጥና መሰባበር የሚል ፍች ያለው የላቲኑ «ኳሳሬ» እና «ባዶ» ከሚለው ቃል የወጣው፣ ዋጋ ማሳጣት ማለት የሆነው «ካሳሬ» በጥንቱ ፈረንሳይኛ ተደባልቀው ነበር። አማርኛ «ሰበር» ሲል መሰባበሩን ወሰደ። ነገር ግን በ1987 ዓ.ም. ሕገ መንግሥት አንቀጽ 80 መሠረት ሰበር መሠረታዊ የሕግ ስሕተት ያለበትን የመጨረሻ ውሳኔ ያርማል። እኛ የያዝነው ጉዳይ ግን ገና ውሳኔ አላገኘም።

ስለዚህ «አፈረሰ» የሚለውን እናቀርባለን። ውልም፣ ጋብቻም፣ ማኅበርም ይፈርሳል፤ ቃሉ ከመሠረት መናድን ያሳያል፤ ፍርድ ቤቱም የሚያየው መሠረቱን ነው። ማመልከቻውንም «የክስ ይፍረስልኝ አቤቱታ» ብንለው ለአማርኛ ባዕድ አይሆንም። ባለጉዳዩ የሚናገረውን ግሥ ለማመልከቻው ስም ማድረግ «ይግባኝ» ያስተማረን የቆየ መንገድ ነውና።