ለማን ነበር የምንጮኸው? (ስለ ኃይሌ ገሪማ የሲኒማ ጉዞ)

እኛ የኮልፌ ልጆች ሲኒማን የተማርነው በቪዲዮ ቤት ነው። አጠና ተራ አካባቢ፣ በቆርቆሮ በተከለለች ጠባብ ክፍል፣ አግዳሚ ላይ ተጠጋግተን በሳንቲም የምናየው ጀግና ሁሉ የባዕድ ሰው ነበር። «አክተሩ» ጠላት ከኋላው ሲመጣበት «ዙር! ከኋላህ ነው!» እያልን ጉሮሯችን እስኪደርቅ እንጮህ ነበር።

ኃይሌ ገሪማም በልጅነቱ እንዲሁ ያደርግ እንደነበር ሲናገር ስናነብ ገረመን። በጎንደር ተራሮች ላይ ካውቦይና ቀይ ሕንድ ሲጫወቱ ልባቸው ከካውቦዩ ጋር ነበር። ታርዛን ሲታይ ደግሞ አፍሪካውያኑ ከኋላ አድፍጠው ሲመጡበት፣ ልጆቹ ታርዛንን ለማስጠንቀቅ ይጮኹ ነበር። አፍሪካዊ ልጅ በአፍሪካዊ ላይ! እንደኛ አስተያየት የዚህ ሰው የሥራ ዘመን በሙሉ ያንን ጩኸት ለማረም የተደረገ ጉዞ ነው።

ኃይሌ የካቲት 25 ቀን 1938 ዓ.ም. ጎንደር ተወለደ። አባቱ ገሪማ ታፈረ «ጎንደሬ በጋሻው» የተባለውን መጽሐፍ የጻፉ፣ ቴአትርም ደርሰው የሚያሳዩ ሰው ነበሩ። ልጁ መድረክ የለመደው በአባቱ ቡድን ውስጥ ነው። እንግዲህ ካሜራ ከመያዙ በፊት ተዋናይ ነበር ማለት ነው።

እ.ኤ.አ. በ1967 ትወና ሊማር ወደ ቺካጎ ሄዶ ጉድማን የድራማ ትምህርት ቤት ገባ። እዚያ የጠበቀው ግን ሌላ ነገር ሆነ። በምዕራባውያኑ ቴአትር ውስጥ ለጥቁር ተዋናይ የሚተርፈው የበታች ሚና ብቻ ሆኖ አገኘው። ሚናውን አጎንብሶ ከመቀበል ይልቅ እ.ኤ.አ. በ1970 ወደ ሎስ አንጀለስ ዩኒቨርሲቲ ተሻግሮ ፊልም መሥራት ተማረ። እነ ቻርልስ በርኔትና ጁሊ ዳሽ የወጡበት፣ በኋላ «የሎስ አንጀለስ አመፅ» የተባለው የጥቁር ተማሪዎች ትውልድ አባል ሆነ። በ«ቡሽ ማማ» ፊልሙ መክፈቻ ላይ ፖሊስ ሰዎችን አስቁሞ ሲፈትሽ ይታያል። ያ ትወና አይደለም፤ ፖሊሶቹ የፈተሹት የኃይሌን የቀረጻ ባልደረቦች ነበር።

እ.ኤ.አ. በ1974፣ የዘውዱ ሥርዓት በሚንገዳገድበት ዓመት፣ ገና ተማሪ ሳለ አገሩ መጥቶ በሁለት ሳምንት ውስጥ «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት»ን ቀረጸ። ጥቁርና ነጭ፣ አማርኛ ተናጋሪ፣ ሁለት ሰዓት ተኩል የሚፈጅ ፊልም ነው። አንድ የጭሰኛ ቤተሰብ ለባላባቱ ያርሳል። ከበበ የሚባለው፣ ጣሊያንን ተዋግቶ መሬቱን ያጣ ሰው፣ እንደ እብድ ተቆጥሮ እውነቱን ይለፈልፋል፤ በመጨረሻም ባላባቱን ይገድላል።

ተማሪዎች በ1957 ዓ.ም. «መሬት ለአራሹ» ብለው አደባባይ መውጣታቸውን ሁላችንም እናውቃለን። የገጠር መሬት አዋጅ የታወጀው ደግሞ የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. ነው። ኃይሌ በዚያ ቀን 29 ዓመት ሞላው፤ አጋጣሚ ነው፣ ግን ደስ የሚል አጋጣሚ! ፊልሙ እ.ኤ.አ. በ1976 ለተመልካች ሲደርስ ባላባትነት በአዋጅ ቀርቶ ነበር። ታዲያ ጊዜ ያለፈበት ፊልም ነው እንዴ? አይደለም። አዋጁ መሬቱን ከባላባቱ ወሰደ እንጂ፣ ገበሬው በታሪክ ውስጥ ምን ቦታ እንዳለው አልተናገረም። ፊልሙ ግን ተናግሯል።

ይህንን የተረዳነው ቀራንዮ በተከራየናት ክፍል ውስጥ ፊልሙን በኮምፒውተር ስናይ ነው። የግቢያችን እማማ ደጃፉ ላይ ቁጭ ብለው አብረውን አዩ። የሚያርሱት ሰዎች ተዋናዮች ሳይሆኑ እውነተኛ ገበሬዎች መሆናቸውን ስንነግራቸው፣ «ታዲያ ማን አስጠናቸው?» አሉ። ቆየት ብለው ደግሞ፣ «ይሄንንማ ምን ማስጠናት ያሻዋል፣ ልጆቼ» አሉና ነጠላቸውን ወደ ዓይናቸው አስጠጉ። ቺካጎ ላይ ለጥቁር ሰው የተነፈገው ዋና ሚና እዚህ ለጭሰኛው ተሰጠ።

ከዚያም ወዲህ ኃይሌ መንገዱን አልለወጠም። በሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ እያስተማረ፣ ስለ ባርነት የሚናገረውን «ሳንኮፋ»ን እ.ኤ.አ. በ1993 አወጣ። አከፋፋይ ባጣ ጊዜ ሲኒማ ቤት ራሱ እየተከራየ አሳየው። «ጤዛ» ደግሞ በጀርመን ተምሮ ወደ አገሩ ስለተመለሰው ምሁር፣ ስለ አንበርብር፣ ነው፤ እ.ኤ.አ. በ2008 በቬኒስ፣ በ2009 በዋጋዱጉ ተሸለመ።

እኛስ? በዛሬዎቹ የአማርኛ ፊልሞች ውስጥ ዘበኛው፣ የቤት ሠራተኛዋና የገጠሩ ሰው አብዛኛውን ጊዜ የሚመጡት ሊያስቁን ነው። ኃይሌ አልቀበልም ያለውን ሚና እኛው ለገዛ ወገናችን እየሰጠን አይደለምን? እስቲ ቀጥሎ ሲኒማ ስንገባ ማን ላይ እንደምንስቅ እንታዘብ።

«ምርት»ን የምታዩ ወንድሞችና እህቶች፣ አደራ ብቻችሁን አትዩት። ጭሰኝነትን የሚያስታውስ አባት ወይም እናት አጠገባችሁ ይቀመጥ። እነሱ በየዓመቱ እያነሱ ነው፤ ፊልሙ ግን ይጠብቀናል።